ዘንባባዬ ቢጫ ሆነ፣ ምን ልስጠው? በአዲስ አበባ ዙሪያ ብርድ ዘንባባን የመመገብና የመንከባከብ መመሪያ

«ዘንባባዬ ቢጫ እየሆነ ነው፤ ምን ማዳበሪያ ልጨምርለት?» ይህ ጥያቄ ከሱሉልታ፣ ከሰንዳፋ፣ ከለገጣፎ፣ ከሆለታና ከሰበታ በየጊዜው ይመጣል። አብዛኛውን ጊዜ የሚመጣው ደግሞ ዩሪያ ከተበተነና ምንም ለውጥ ከጠፋ በኋላ ነው። መልሱ በሌላ ጥያቄ ይጀምራል፦ ቢጫ የሆነው የታችኛው አሮጌ ቅጠል ነው ወይስ የላይኛው አዲሱ? ሁለቱ የተለያየ በሽታ ናቸው፤ መድኃኒታቸውም አይገናኝም።

በቀላሉ የሚገኘው ማዳበሪያ የተዘጋጀው ለጤፍና ለስንዴ ነው። ኤንፒኤስ የተባለው ከ100 እጅ 19ኙ ናይትሮጅን፣ 38ቱ ፎስፌት፣ 7ቱ ድኝ ሲሆን ፖታሽየም የለውም። ዘንባባ የሚፈልገው ተቃራኒውን ነው፤ ፎስፌት ለስሙ ያህል፣ ፖታሽየም ከናይትሮጅንም በላይ። በዩሪያ ብቻ የሚመገብ ዘንባባ ለጊዜው ይፈካል። ያ አዲስ ቅጠል ግን ፖታሽየም ይፈልጋል፤ ዛፉም ያለውን ከአሮጌው ቅጠል እየመጠጠ ያወጣል፤ የታችኛው ቢጫነት ይብሳል። በዚህ ላይ ጥቅምት ሲገባ ለስላሳው ቅጠል ውርጭ ያገኘዋል።

መጀመሪያ ግን ያለዎትን ዘንባባ ይለዩ። ቅጠሉ እንደ ላባ ረጅም ሆኖ ከግንዱ አጠገብ ጠንካራ እሾህ ያለው፣ ግንዱም ወፍራምና ነጠላ የሆነው የካናሪ ዘንባባ ነው፤ የዚህን አካባቢ ብርድ በደንብ ይችላል። ቅጠሉ እንደ ማራገቢያ የተዘረጋው ዋሺንግቶኒያ ነው፤ እሱም ይችላል። ከሥሩ ብዙ ግንድ እያወጣ በጉብታ የሚበቅለው የአገራችን ዘንባባ ካደገ በኋላ ይቋቋማል፤ ሕፃን ሳለ ግን ሽፋን ይፈልጋል። ኩዊን ፓልም ሜዳ ላይ ሊጎዳ ይችላል፤ ግድግዳ ተጠግቶ ይኖራል። በማሰሮ የሚሸጠውን አሬካ ግን ውጭ አይትከሉት።

የሚያስፈልጉ ነገሮች

- ዩሪያ።
- ፖታሽየም ሰልፌት። የአበባ እርሻዎች ስለሚጠቀሙበት የግብርና ግብዓት ሱቆች ያውቁታል። ካጡ ፖታሽየም ክሎራይድ ይገዛል፤ ያኔ ከታች ከተጻፈው መጠን አንድ አምስተኛውን ይቀንሱ።
- ማግኒዚየም ሰልፌት፣ ኤፕሶም ጨው የሚባለው።
- ማንጋኒዝ ሰልፌት፤ ምልክቱ ከታየ ብቻ።
- በደንብ የበሰበሰ ፍግ ወይም ኮምፖስት፣ ጭድ።
- የወጥ ቤት ሚዛን፣ ሜትር፣ መኮትኮቻ፣ ባልዲ።
- የእጅ መጋዝ፣ በረኪና፣ ወፍራም ጓንት፣ የዓይን መከላከያ መነጽር።
- ጆንያ ወይም አሮጌ አንሶላ፣ ሲባጎ፣ ማርከር።

ማግኒዚየምና ማንጋኒዝ ስማቸው ስለሚመሳሰል ሱቅ ላይም ይምታታሉ። ማግኒዚየም ሰልፌት ነጭ፣ ጨው የሚመስል ነው። ማንጋኒዝ ሰልፌት ፈዘዝ ያለ ሮዝ ቀለም አለው። ከረጢቱን ከፍተው ሳያዩ አይውሰዱ።

1. ቢጫውን ያንብቡ

ዘንባባ ፖታሽየምና ማግኒዚየም ሲያጥረው ከአሮጌ ቅጠል አንስቶ ለአዲሱ ያበላል። ስለዚህ የሁለቱ ጉድለት ከታች ይጀምራል። ማንጋኒዝና ብረት ግን አንዴ ከገቡበት ቅጠል አይወጡም፤ ጉድለታቸው አናት ላይ ይታያል።

የታችኛውን ቅጠል ይዘው ወደ ፀሐይ ቀና አድርገው ይዩት። ብርሃን የሚያሳልፍ ቢጫ ወይም ብርቱካናማ ነጠብጣብ ካለው፣ ጫፉም ደርቆ ከተኮማተረ፣ የጎደለው ፖታሽየም ነው። ነጠብጣብ ሳይኖር ዳር ዳሩ ደማቅ ቢጫ፣ አጥንቱ አካባቢ ግን አረንጓዴ ከሆነ ማግኒዚየም ነው፤ የካናሪ ዘንባባ ይህን ያዘወትራል። ዛፉ በሙሉ ፈዞ ከታች የሚጀምር ወጥ ቢጫነት ካሳየ ናይትሮጅን አንሶታል፤ ይህ በብዛት የሚታየው ማሰሮ ውስጥ ባሉት ላይ ነው።

አናት ላይ የወጣው አዲስ ቅጠል አጭር፣ የተጨማደደ፣ እሳት የነካው ከመሰለ ማንጋኒዝ ነው። ቅርጹ ደህና ሆኖ ቢጫ ብቻ ከሆነ ግን ብረት ነው፤ መንስኤውም አብዛኛውን ጊዜ የብረት እጥረት ሳይሆን የሥር መታፈን ነው፦ ዛፉ በጥልቀት ተቀብሯል ወይም ውኃ ተኝቶበታል። ያንን ሳያስተካክሉ ብረት መርጨት ገንዘብ መርጨት ነው።

የውርጭ ጉዳት ከነዚህ ሁሉ ይለያል። በጥቂት ቀን ውስጥ ይመጣል፤ ሰማይ የሚያዩትን የላይኛዎቹን ቅጠሎች ይመታል፤ ቀለሙም የጭድ ነው። የምግብ ጉድለት ግን ወራት ይፈጃል።

2. አፈሩን ይመልከቱ

በሰንዳፋና በሱሉልታ ሜዳ የሚበዛው ጥቁር አፈር ክረምት ላይ ውኃ ያቁራል፣ በጋ ላይ ይሰነጠቃል። ሐምሌ ላይ ከግንዱ 1 ሜትር ርቀው 40 ሳንቲ ሜትር ጉድጓድ ቆፍረው ውኃ ይሙሉበት። በማግስቱ ውኃው እዚያው ካለ ምንም ማዳበሪያ አይጠቅምም፤ የታፈነ ሥር አይመገብም። ከዛፉ ዝቅ ብሎ ወደ ታች የሚወስድ ቦይ ያውጡ። አዲስ የሚተክሉ ከሆነ አፈሩን 50 ሳንቲ ሜትር ያህል ቆልለው ቁልሉ ላይ ይትከሉ።

ግንዱን ከነበረበት በላይ አፈር አያልብሱት። ዛፉ እንዳይወድቅ ተብሎ 20 እና 30 ሳንቲ ሜትር የተቀበረ ዘንባባ ወዲያው አይሞትም፤ 2 እና 3 ዓመት እየገረጣ ይቆያል፣ ባለቤቱም ማዳበሪያ ሲቀያይርለት ይኖራል።

በአዲስ ግቢ ሌላ ጠላት አለ። ቤቱ ሲሠራ የተረፈው ሲሚንቶና ኖራ የሚደፋው ኋላ ላይ ዘንባባ በሚተከልበት ቦታ ነው። ኖራ አፈሩን አልካላይን (የአሲድ ተቃራኒ) ያደርገዋል፤ ማንጋኒዝ ቢኖርም ሥሩ ሊወስደው አይችልም። አፈሩ በመከር ማግስት ሲበርድ ደግሞ ይብስበታል። መኮትኮቻዎ ነጭ ቅርፊት ካወጣ ያንን አፈር አውጥተው በንጹሕ አፈርና በኮምፖስት ይተኩ። ምልክቱ አናት ላይ ከታየ 3 ግራም ማንጋኒዝ ሰልፌት በ1 ሊትር ውኃ በጥብጠው አዲሶቹ ቅጠሎች ላይ ጠዋት ይርጩ፤ ከወር በኋላ ይድገሙት።

3. ይለኩ፣ ይመዝኑ

ከግንዱ እስከ ቅጠሉ ጫፍ ያለውን ርቀት በሜትር ይለኩ። ማዳበሪያው የሚሰላው ቅጠሉ ጥላ በሚያጠላበት መሬት ስፋት ነው፤ በዛፉ ቁመት አይደለም። ለ1 ካሬ ሜትር በአንድ ዙር፦ ዩሪያ 7 ግራም፣ ፖታሽየም ሰልፌት 10 ግራም፣ ማግኒዚየም ሰልፌት 15 ግራም። ስሌቱን ላለመድገም፦

- ርቀቱ 1 ሜትር ከሆነ (3 ካሬ ሜትር ገደማ)፦ ዩሪያ 20፣ ፖታሽየም 30፣ ማግኒዚየም 45 ግራም።
- 2 ሜትር ከሆነ (12.5 ካሬ ሜትር)፦ ዩሪያ 90፣ ፖታሽየም 125፣ ማግኒዚየም 190 ግራም።
- 3 ሜትር ከሆነ (28 ካሬ ሜትር)፦ ዩሪያ 200፣ ፖታሽየም 280፣ ማግኒዚየም 420 ግራም።

በእፍኝ አይስፈሩ፤ የሰው እፍኝ ይለያያል። አንድ የቡና ሲኒ ዩሪያ፣ ፖታሽየምና ማግኒዚየም ስንት ስንት ግራም እንደሚይዝ አንዴ መዝነው ይጻፉት፣ ከዚያ በሲኒው ይለኩ። ሲኒው ወደ ረከቦት አይመለስም።

ፖታሽየም ያላገኘ ሰው የማገዶ አመድ ይጠቀማል። ይሠራል፣ ግን ለቀይ አፈር ብቻ፤ አመድ የኖራ ጠባይ ስላለው ጥቁር አፈር ላይና የግንባታ ፍርስራሽ ባለበት ግቢ ማንጋኒዙን ይቆልፈዋል። ርቀቱ 2 ሜትር ለሆነ ዛፍ 1 ኪሎ የተነፋ አመድ በዓመት አንዴ ይበቃል። ከዩሪያ ጋር አያደባልቁት፤ የዩሪያው ናይትሮጅን ጋዝ ሆኖ ይተናል። በመሃላቸው ቢያንስ 3 ሳምንት ይኑር። ላስቲክ የተቃጠለበትን አመድ ይጣሉት። የቡና ገለፈት የሚያገኙ ከሆነ ከፍግ ጋር አበስብሰው ይስጡ፤ ፖታሽየም አለው። ያልበሰለ የዶሮ ኩስ ግን ሥር ያቃጥላል።

4. ጊዜውን ይምረጡ

ሥር የሚመገበው አፈር ሲሞቅና ሲረጥብ ነው። በዚህ አካባቢ ሁለቱ የሚገናኙት በበልግና በክረምት መግቢያ ነው።

መጋቢት አጋማሽ፣ የበልግ ዝናብ አፈሩን እንዳራሰው፣ ሙሉውን መጠን ይስጡ። ዝናቡ ከዘገየ አጠጥተው ይስጡ። ግንቦት መጨረሻ ላይ ሁለተኛውን ሙሉ መጠን ይስጡ። ሦስተኛው በመስከረም የመጀመሪያዎቹ 2 ሳምንታት ነው፤ እዚህ ዩሪያ አይገባም፣ ፖታሽየምና ማግኒዚየም ብቻ። በመስከረም የተሰጠ ናይትሮጅን ለጋ ቅጠል ያወጣል፣ ያ ቅጠል ሳይጠነክር ውርጭ ይወርድበታል። ፖታሽየም የጠገበ ቅጠል ግን ብርድን የተሻለ ይችላል።

በሐምሌና ነሐሴ ምንም አይስጡ። ለእህል የለመድነው ወቅት ስለሆነ እጅ ይነሳል፤ ነገር ግን የሚጨምሩት ጎርፉ ወስዶት ያድራል፣ ሥሩም በቀዝቃዛ ውኃ ውስጥ ነው። ከጥቅምት እስከ ጥር ድረስም እንዲሁ።

አዲስ የተተከለ ዘንባባ አዲስ ቅጠል አውጥቶ እስኪዘረጋ ምንም ማዳበሪያ አይሰጠውም። ማሰሮ ውስጥ ላለው ደግሞ ከስሌቱ ሩቡን በውኃ በጥብጠው ያጠጡ፤ ትርፉ ውኃ ከታች መውጣት አለበት።

5. ይበትኑ፣ ይሸፍኑ፣ ያጠጡ

ሣርና አረሙን ያንሱ። ከግንዱ 50 ሳንቲ ሜትር ርቀው፣ እስከ ቅጠሉ ጫፍ ድረስ ዙሪያውን እኩል ይበትኑ። ግንዱ ሥር መከመር ትልቁ ስህተት ነው፤ ዘንባባ አዲስ ሥር የሚያበቅለው ከግንዱ ታችኛ ክፍል ስለሆነ የተከመረው ማዳበሪያ እነዚያን ጫፎች ያቃጥላል። በመኮትኮቻ ከ5 ሳንቲ ሜትር ሳያልፉ አፈር ያልብሱት፤ መጋቢ ሥሩ ላይ ላዩን ነው፣ በዶማ የሚቆፍር ይቆርጠዋል። ዩሪያ ፀሐይ ላይ ተገልጦ ከዋለ ይተናል። ወዲያው ለ1 ካሬ ሜትር 10 ሊትር ያህል ውኃ ያጠጡ።

6. ጉዝጓዝና ውኃ

ከበተኑ በኋላ ከ8 እስከ 10 ሳንቲ ሜትር ጭድ ይጎዝጉዙ፤ ግንዱን በ15 ሳንቲ ሜትር ይራቁት። የባሕር ዛፍ ቅጠል ለዚህ አይሆንም። ክረምት ላይ ጥቁር አፈር ላይ ያለውን ጉዝጓዝ ያሳሱት፣ መስከረም ላይ ይመልሱት።

በበጋ ትንሹን በሳምንት አንዴ 20 ሊትር፣ ትልቁን በ10 ወይም 14 ቀን አንዴ በደንብ ያጠጡ። ከማጠጣትዎ በፊት 20 ሳንቲ ሜትር ቆፍረው አፈሩን ይጨብጡ፤ ከተድቦለቦለ ይቆይ። የልብስ እጣቢ አይድፉበት። ንጣፍ ወይም ኮብልስቶን ካለም ከግንዱ ዙሪያ ቢያንስ 1 ሜትር ክፍት ይተዉ።

7. መቁረጥ፣ በተለይ ለሆሳዕና

ዘንባባ ግንድ የሚያድገው አናቱ ላይ ባለችው አንዲት እምብርት ብቻ ነው። ያልተፈታው ቀጥ ያለ ለጋ ቅጠል የሚወጣው ከእሷ ነው። ነጠላ ግንድ ያለው የካናሪ ዘንባባ ወይም ዋሺንግቶኒያ እምብርቱ ከሞተ እንደ ኮባ ከጎን አይተካም፤ ዛፉ አለቀ ማለት ነው። ለሆሳዕና ቀለበት የሚፈለገው ደግሞ ያው ለስላሳ፣ ገርጣ ያለ ለጋ ነው፤ በዓሉም የሚውለው ዛፉ ከብርዱ ወጥቶ ማደግ በሚጀምርበት ሰሞን ነው። ለጎረቤትም ለሰንበት ተማሪም መስጠት ካለብዎት ለጋውን አይንኩ፤ ከተፈቱት ቅጠሎች አንዱን መርጠው ዘለላዎቹን ከአንድ ጎን ብቻ ይቁረጡ። ለቀለበት ይበቃል። ብዙ ግንድ ካለው የአገራችን ዘንባባ ቢወስዱ ጉዳቱ ያንሳል።

ቢጫ ስለሆነ ብቻ ቅጠል አይቁረጡ። ያ ቅጠል የዛፉ የፖታሽየም ጎተራ ነው፤ ሲቆርጡት ዛፉ ከሚቀጥለው ቅጠል መምጠጥ ይጀምራል፣ እርስዎም ያንንም ይቆርጣሉ፤ እንዲህ እየተባለ አናቱ ላይ መጥረጊያ የምታክል ብቻ ትቀራለች። ሙሉ በሙሉ የደረቀውን ብቻ ያንሱ። የግድግዳ ሰዓት ያስቡ፦ ከ9 ቁጥር እስከ 3 ቁጥር ከሚያልፈው መስመር በላይ ያለ ቅጠል አይነካም።

መጋዙን ከአንዱ ዛፍ ወደ ሌላው ሲሄዱ 1 እጅ በረኪና በ3 እጅ ውኃ ውስጥ ለ10 ደቂቃ ይዘፍዝፉ፤ በሽታ በመጋዝ ይተላለፋል።

ጥንቃቄ፦ የካናሪ ዘንባባ እሾህ ጓንት ይበሳል፣ የወጋውም ቁስል ያመረቅዛል። መነጽር ሳያደርጉ ወደ አናቱ አይጠጉ። እሾህ ውስጥ ተሰብሮ ከቀረ ሐኪም ያውጣው።

የዘንባባ ግንድ ቁስል አይድንም። የልብስ ማስጫ ሽቦ የታሰረበት፣ ለመብራት ምስማር የተመታበት፣ በግ የታሰረበት ገመድ የፋቀው ቦታ ዕድሜውን ሙሉ ክፍት ይቀራል።

8. የውርጭ ምሽት

ውርጭ የሚወርደው ከጥቅምት እስከ ታኅሣሥ፣ አንዳንዴም እስከ ጥር ነው። ቀዝቃዛ አየር ከባድ ስለሆነ እንደ ውኃ ወደ ዝቅታ ይፈስሳል፤ ስለዚህ የሱሉልታ ሜዳ ላይ ያለ ግቢ ከዳገቱ ግቢ የበለጠ ይመታል። የእርስዎን ግቢ ለማወቅ ጠዋት 12 ሰዓት ላይ ሣሩን ይዩ፤ ነጭ የሆነበት ቦታ ውርጩ የሚተኛበት ነው።

ምሽት 2 ሰዓት ላይ ሰማዩ ጥርት ካለና ንፋስ ከሌለ ዛፉን ይሸፍኑ። ደመናና ንፋስ ካለ ይተኙ። ማጠጣቱ ግን ከሰዓት በኋላ ይቀድማል፦

- አፈሩን ያጠጡ። እርጥብ አፈር የቀኑን ሙቀት ይይዛል፣ ሌሊት ይለቅቃል።
- የትንሹን ዘንባባ ቅጠሎች ወደ ላይ ሰብስበው በሲባጎ ላላ አድርገው ይሰሩ፤ ለጋው መሃል ይጠለላል።
- ጆንያ ወይም አንሶላ እስከ መሬት አልብሱት። «ማዳበሪያ» የምንለው የላስቲክ ከረጢት ቅጠሉን የነካበት ቦታ ያቃጥላል፤ ሌላ ከሌለ በእንጨት አርቀው ይጠቀሙ።
- ጠዋት 3 ሰዓት ሳይሆን ሽፋኑን ያንሱ። ቀን ሙሉ የተሸፈነ ዘንባባ ይሻግታል።

9. ከተመታ በኋላ

የተቃጠለውን ቅጠል ወዲያው አይቁረጡ፤ የቀጣዩን ሌሊት ብርድ ለእምብርቱ የሚመክትለት እሱ ነው። የካቲት ሲገባ ይቆረጣል።

ለጋውን በሁለት ጣት ይዘው በእርጋታ ወደ ላይ ይሳቡ። ካልተንቀሳቀሰ ደህና ነው። ከተነቀለና ከሥሩ ቡኒ ሆኖ ከሸተተ እምብርቱ መበስበስ ጀምሯል፦ የበሰበሰውን ይጥረጉ፣ በአናቱ የተኛውን ውኃ ያፍስሱ፣ መዳብ ያለበትን የፈንገስ መድኃኒት በማሸጊያው ላይ በተጻፈው መጠን በጥብጠው ወደ እምብርቱ ያፍስሱ። ከ10 ቀን በኋላ አንዴ ብቻ ይድገሙ፤ መዳብ ሲበዛ ራሱ ይመርዛል። ከላይ ውኃ አያጠጡት።

ለጋው ቆሞ ያለ ግን የማያድግ ከመሰለዎት በማርከር አንድ መስመር በለጋውና ከጎኑ ባለው ቅጠል ላይ አሻግረው ያስምሩ። ከ3 ሳምንት በኋላ ተመልሰው ይዩ። የለጋው መስመር ከጎረቤቱ ከፍ ካለ፣ በጣት ስፋትም ቢሆን፣ ዛፉ በሕይወት አለ። ማዳበሪያ ግን አዲሱ ቅጠል እስኪፈታ አይስጡት። መስመሮቹ እኩል ከሆኑ ብርዱ እስኪያልፍ አይንቀሉት፤ መጋቢት ካለቀ በኋላ እንደገና ያስምሩ።